አራት ቀን ያለ አያት

ልጃችን በተወለደች በአሥራ አንደኛው ቀን አማቴ ጥለውን ሄዱ።

ጥለውን ሄዱ ስል ተጣልተን አይደለም። አንኮበር ሥር ካለው መንደራቸው ስልክ ተደወለ። ታላቅ እህታቸው ደጃፋቸው ላይ አዳልጧቸው ወድቀው እግራቸው ተሰብሯል ተባለ። እህትየው የሚኖሩት ብቻቸውን ነው። አማቴ ስልኩን ዘጉ። ከዚያ አንድ ጊዜ አልጋው ላይ የተኛችውን ሕፃን፣ አንድ ጊዜ እኔን አዩ። ያን ጊዜ ፊታቸው ላይ ያየሁትን ስጋት እስከ ዛሬ አልረሳውም። የተሰበረ እግር እያለ ከመቅረትና ጨቅላ ልጅ ለእኔ ትቶ ከመሄድ የትኛው እንደሚብስ እያመዛዘኑ ነበር።

«አራት ቀን» አሉ በመጨረሻ። «አራት ቀን ብቻ ታገሡኝ። የሚያስታምማት ሰው ፈልጌ እመለሳለሁ።»

ነጠላቸውን እየተከናነቡ ትእዛዝ ያወርዱ ጀመር። እኔም የደንበኞቼን ልክ የምጽፍበትን ደብተር አውጥቼ እንደ ተማሪ እጽፋለሁ። ነፋስ እንዳያገኛት። ጭንቅላቷ እንዳይገለጥ። ጠብታ ሳታገሳ እንዳትተኛ። የመታጠቢያዋ ውሃ በክርን ይሞከር።

«በእጄ ብሞክረውስ?» አልኳቸው።

«የአንተ እጅ ካውያ ሲጨብጥ የኖረ እጅ ነው። ምን ይሰማዋል?»

እውነታቸውን ነው። እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ። ደብረ ብርሃን ገበያው አጠገብ ከአንድ ሰውና ከአንድ የስፌት መኪና በላይ የማትይዝ ሱቅ አለችኝ። ሚስቴ የአንደኛ ክፍል አስተማሪ ናት። ክፍል ሙሉ የሚንጫጫ ልጅ ጣቷን አንሥታ ብቻ ዝም የምታሰኝ ሴት ናት። በዚያች ጠዋት ግን ሁለታችንም በሩ ላይ ቆመን፣ አማቴ የያዙት ባጃጅ መታጠፊያው ጋ ሲሰወር እያየን፣ ትምህርት ቤት ተጥለው እናታቸው ጥላቸው የሄደች ልጆች መስለን ነበር።

«እንግባ?» አለችኝ።

«እንግባ» አልኳት። ለትንሽ ጊዜ ግን ማንኛችንም አልገባንም።

እስከዚያች ቀን ድረስ ልጄን በቅጡ ይዣት አላውቅም ማለት ይቻላል። አማቴ እያሉ የእኔ ሥራ ውሃ ማምጣት፣ ገበያ መላላክና አራስ ሊጠይቅ የመጣውን ሰው ማስቀመጥ ነበር። አንዳንዴ ተጠቅልላ ጉልበቴ ላይ ትቀመጥና ዓይኗን አያለሁ። ከዚያ አማቴ መጥተው «በቃ፣ ደከመህ» ብለው ይወስዷታል። አንድም ቀን ደክሞኝ አያውቅም።

ስለ ራሴ አንድ ነገር ልንገራችሁ። ልጄ ከተወለደች ጀምሮ ደኅና አልነበርኩም። በሽታ አልነበረም፣ ደስታ ነው። ግን የማይታዘዝ ዓይነት ደስታ ነው። መንገድ ላይ የማላውቀውን ሰው ሁሉ ሰላም እላለሁ። ከሆስፒታል ስመለስ የባጃጁ ሹፌር «ወዴት ነው?» ቢለኝ «ሴት ናት!» ብዬዋለሁ። ሱቄ ገብቼ የአንድ ሰውዬ ሱሪ ላይ ሁለቱንም እግር አንድ ላይ ሰፍቼ፣ ከፍቼ ሳየው ብቻዬን እስኪያንቀኝ ሳቅሁ።

የመጀመሪያው ሳቅ የጀመረው ሆስፒታል ነው። ሚስቴ ልትወልድ ሁለት ወር ሲቀራት ስምንት ልብስ ሰፍቼ ነበር። ልኩን የወሰድኩት ከጎረቤታችን ሕፃን ነው። ሕፃን ሁሉ አንድ ልክ ይመስለኝ ነበር። ያ ልጅ ግን ለካ የሰባት ወር ልጅ ነው፤ በዚያ ላይ እናቱ የምትኮራበት ወፍራም። ልጄ ተወልዳ አዋላጇ ልብስ አምጣ ስትለኝ ቦርሳውን በኩራት ሰጠኋት። አንዱን ዘርግታ አየችው።

«አባት፣ ይሄ የማን ነው?»

«የልጄ።»

«ትምህርት ቤት ስትገባ ነው የምትለብሰው?»

በዚያ ክፍል የነበሩ እናቶች ሁሉ ሳቁ። ሌላ ስላልነበረ ግን አለበሰቻት። ልጄ ልብሱ ውስጥ ገብታ ጠፋች። በአንገቱ በኩል ግማሽ ግንባርና አንድ ዓይን ብቻ ታየ። ያ አንድ ዓይን እኔን አየኝ። መሳቄ ይሁን ማልቀሴ ራሴም ስላልገባኝ አዋላጇ ወንበር አቀረበችልኝ። አማቴ ደግሞ በሩ ላይ ቆመው እልል ይላሉ። ለሴት ልጅ ሦስት ነው ሲባሉ «ቆጠራው ጠፍቶብኛል» ብለው እንደገና ከአንድ ጀመሩ።

እንግዲህ እኛ ነን ከአያት ተለይተን የቀረነው።

የመጀመሪያው ፈተና ማጠብ ነበር። አማቴ ሲያጥቧት አይተናል። እንደ ቀልድ በአንድ እጃቸው አንጠልጥለው፣ በሌላው አጥበው፣ ቀብተው፣ ጠቅልለው ሲጨርሱ እኛ ገና ሳሙናው የት እንዳለ እየፈለግን ነበር። አሁን ግን ሁለት ትልልቅ ሰዎችና አንዲት ሳፋ ነን። ቀኑ እንደ ደብረ ብርሃን ቀን ይበርዳል። መብራት ጠፍቷል። ውሃውን ውጪ ከሰል ላይ አሙቄ፣ ቀዝቃዛ ቀላቅዬ፣ መስኮቱን ዘግቼ፣ የበሩን ሥር በጨርቅ ወትፌ ጨረስኩ። ክርኔን ውሃው ውስጥ ከተትኩ።

«እንዴት ነው?» አለች ሚስቴ ከአልጋው ላይ።

«እኔ እንጃ። በክርኔ ነገር ሞክሬ አላውቅም።»

«ቆይ» ብላ ቀስ ብላ ተነሣች። ስትወልድ ተሰፍታ ስለነበር መቀመጡም መነሣቱም ያማት ነበር። መጥታ እሷም ክርኗን ከተተች። «ለእኔ ሞቃት ነው።»

«ለእኔ ቀዝቃዛ ነው።»

ሁለታችንም ክርናችንን ሳፋ ውስጥ ነክረን ተፋጠጥን። ልጃችን አልጋው ላይ ሆና ወደ እኛ አቅጣጫ ታያለች። በዚያ ዕድሜ ሩቅ አያዩም ይላሉ። እሷ ግን አይታናለች፤ ያየችውም ነገር ተስፋ የሚሰጥ አልነበረም። ሚስቴ ቀድማ መሳቅ ጀመረች።

«አታስቀኝ!» አለች ሆዷን ይዛ። «ስፌቴ! ስፌቴ ይጎተታል!»

«እኔ የሰፋሁት አይደለም» አልኳት። ያን ጊዜ የባሰ ሳቀች፤ እያለቀሰች ሳቀች፤ በእጇ ደግሞ ትመታኛለች።

የልጃችንን ልብስ አውልቀን አነሣኋት። እግሮቿ ተጣጥፈው እንደ እንቁራሪት ሆዷ ላይ ተሰብስበዋል። ገና ውሃው ሳይነካት ሸናችብኝ። ለብ ያለ ነገር በሸሚዜ እጅጌ ውስጥ እስከ ብብቴ ሲወርድ ይሰማኛል። እጄን ግን አላነቃነቅሁም። ጉድ ያልኩት እዚያ ላይ ነው። ሌላ ሰው ቢሆን ምን እሆን ነበር? እኔ ግን ትልቅ ስጦታ እንደተሰጠኝ ሰው «ሸናች! ሸናችብኝ!» እያልኩ ለሚስቴ እነግራታለሁ።

ውሃው ውስጥ ቀስ ብዬ ሳገባት ጩኸት ጠብቄ ጥርሴን ነክሼ ነበር። አልጮኸችም። ዓይኗን በለጠጠች፣ እጆቿን ግራና ቀኝ ዘረጋች፣ ከዚያ ፍል ውሃ እንደገባች አሮጊት ረጅም ትንፋሽ አወጣች። እንዳትነቃብን የፈራን ይመስል ሁለታችንም ትንፋሻችንን ዋጥን። ሚስቴ በጣቶቿ ጫፍ ፀጉሯን ታጥባለች። እኔ በአንድ መዳፌ ጭንቅላቷን፣ በሌላው ወገቧን ይዣለሁ። ጭንቅላቷ መዳፌን በልኩ ሞላው።

«ፎጣ» አለች ሚስቴ።

ፎጣው የለም። ፎጣው ውጪ ገመድ ላይ ተሰጥቷል።

እኔ ልጅ ይዣለሁ፤ እሷ መሮጥ አትችልም። ልጃችን ውሃው እየቀዘቀዘባት ከንፈሯን መንቀጥቀጥ ጀመረች። ሚስቴ ቤቱን ዞር ዞር ብላ ቃኘችና ትከሻዬ ላይ ያለውን ጋቢ ያዘች። ሙሉውን ልታወልቀው አልቻለችም፤ በብብቴ ሥር አሳልፌ አገልድሜው ነበር። ስለዚህ በአንዱ ጫፍ ልጅቷን ደረቴ ላይ እንዳለች ጠቀለለቻት። እሷም እርጥብ እጇን ልታደርቅ ሌላውን ጫፍ ሳበች። አንድ ጋቢ ውስጥ ሦስት ሆነን፣ አንዱ ወደ ግራ አንዱ ወደ ቀኝ እየጎተተ፣ ሸሚዜ ሽንት በሽንት ሆኖ፣ ሳፋው ተገልብጦ ውሃው በወለሉ እየሄደ ቀረን። ልጃችን በዚያ ሁሉ መሐል እንቅልፍ ወሰዳት።

«ስፌቴ» አለች ሚስቴ ሳቋን አቁማ፣ አንገቴ ሥር ተለጥፋ። «ስፌቴ ተፈታ መሰለኝ።»

አልተፈታም ነበር፤ በኋላ አየነው። ማጠቡ ግን ሆነልን። ደብተሬ ላይ «ታጥባለች» ብዬ ጻፍኩና ከሥሩ ሁለት ጊዜ አሠመርኩበት።

በማግሥቱ ከሰዓት በኋላ ግን ልቅሶ መጣ።

ልጅ ያለው ሰው የምለው ይገባዋል። ጠብታለች፣ ደርቃለች፣ ሞቋታል፣ ታለቅሳለች። ሚስቴ አቀፈቻት፤ ታለቅሳለች። እኔ ተቀብዬ ከግድግዳ ግድግዳ ተመላለስኩ፤ ታለቅሳለች። ዘፈንኩላት፤ ይሄን ባልሞክረው ይሻል ነበር። ሚስቴ የፊደል ገበታ እየዘመረች አሳየቻት፤ ክፍል ውስጥ ይሠራል ብላ ነው። ለትንሽ ሰከንድ ዝም ብላ ካየቻት በኋላ ካቆመችበት ቀጠለች። ፊቷ በርበሬ መስሏል። ያን የምታህል ሰው ያን የሚያህል ድምፅ ከየት እንደምታወጣ ግራ ያጋባል።

የዚያን ዕለት ጠዋት የስፌት መኪናዬን ከሱቅ ወደ ቤት አምጥቼው ነበር። ልጇን ልትድር የተቃረበች የአንዲት እናት ቀሚስ ቆርጬ ነበርና፣ ሠርጉ ደግሞ ቅዳሜ ነው። ሚስቴን ብቻዋን ትቼ ሱቅ መዋል አልቻልኩም። መኪናዋ የድሮ ናት፣ በእግር የምትረገጥ፤ መብራት ኖረ አልኖረ ደንታ የላትም። አንድ ባለባጃጅ ከነጠረጴዛዋ ከኋላ ጭኖ፣ አንድ እግሯ ወደ ውጪ ወጥቶ፣ ከተማውን አቋርጠን አመጣናት።

«አንተ ቀሚሱን ሥራ» አለችኝ ሚስቴ ልቅሶው አንድ ሰዓት ሲሞላው። «ቢያንስ አንዳችን ጤነኛ እንሁን።»

ተቀምጬ የቀሚሱን ጎን መርገጥ ጀመርኩ። መኪናዋ ጠረረረ አለች። ልቅሶው ቆመ።

እግሬን አነሣሁ። ልቅሶው ቀጠለ።

ሚስቴና እኔ ተያየን።

«እስቲ ድገመው» አለች በሹክሹክታ።

ረገጥኩ። ዝም። ልጃችን ዓይኗን ጨፍና፣ ቅንድቧን ሰብስባ፣ ከባድ ነገር እንደሚያዳምጥ ሽማግሌ ሆነች። ከሁለት ደቂቃ በኋላ ቅንድቧ ተፈታ፤ አፏ ተከፈተ፤ ተኛች። ሚስቴ እዚያው ጎኗ ጋደም አለችና እሷም ተኛች። የተወለደች ዕለት እንኳን እንዲህ የኮራሁ አይመስለኝም።

የሙሽራዋ እናት ቀሚስ በዚያ ከሰዓት አለቀ። ጎኑ፣ እጅጌው፣ አንገቱ፣ ዘርፉ ሁሉ። ከዚያ ላቆም ብዬ እግሬን ሳነሣ አልጋው ላይ ነቅነቅ አለች። ቶሎ ብዬ መልሼ ረገጥኩ። ያለ ጨርቅ ከረገጥኩ ክሩ ይወሳሰባል። አንድ ነገር መስፋት አለብኝ። ከሥሬ ቁርጥራጭ ጨርቅ የማጠራቅምበት ማዳበሪያ ነበር። በእግሬ እየረገጥኩ፣ በእጄ ከማዳበሪያው እየጎተትኩ ቆብ ሰፋሁ።

በዚህ ጊዜ ትክክለኛውን ልክ ወስጄ ነው። ተኝታ ሳለች ሜትሬን ጭንቅላቷ ላይ ጠምጥሜ ሠላሳ አምስት ሳንቲ ሜትር ብዬ ደብተሬ ላይ ጻፍኩ። አንድ ቆብ አለቀ። ሁለተኛውን ጀመርኩ። ከአንድ ሰውዬ ኮት የተረፈ ግራጫ፣ ከዩኒፎርም የተረፈ ሰማያዊ፣ ከመጋረጃ የተረፈ አበባ። ሚስቴ ስትነቃ ጉልበቴ እየተንቀጠቀጠ አምስተኛው ላይ ነበርኩ።

«ምንድን ነው የምትሰፋው?»

«አትጠይቂኝ» አልኳት። «ዝም ብለሽ ተኚ።»

በሦስተኛው ቀን እንግዳ መጣ። ከአልዩ አምባ ጨርቅ እያመጡ የሚሸጡልኝ አንድ ነጋዴ እናት አሉ። ዓመታት ያወቅኳቸው፣ ሲናገሩ ገበያው ሁሉ የሚሰማቸው፣ ጨርቅ በጣታቸው ዳስሰው ብቻ ከየት እንደመጣ የሚያውቁ ሴት ናቸው። ሱቄ ተዘግቶ ቢያገኙት ሰው ጠይቀው ቤቴ ድረስ መጡ።

«አሰላሙ አለይኩም!» አሉ በሩን ከፍተው።

ጣቴን ከንፈሬ ላይ አደረግሁ። እግሬ አልቆመም።

ድምፃቸውን ወዲያው ዝቅ አደረጉ። «ምነው ልጄ፣ የታመመ ሰው አለ?»

«የተኛ ሰው አለ።»

ወደ አልጋው አዩ። እናትና ልጅ ጎን ለጎን ተኝተዋል። ወደ እኔ ተመለሱ። «ታዲያ አንተ ምን ትሰፋለህ?»

«ቆብ።»

«የማን ቆብ?»

«የልጄ።»

ከመኪናዋ ጎን የተከመረውን አዩ። አንዱን አነሡ፤ ሌላውን አነሡ፤ እጃቸውን ከክምሩ ሥር ሰደው እስከ መሬት ድረስ ቆብ መሆኑን አረጋገጡ።

«ያ ረቢ!» አሉ። «ስንት ጭንቅላት ነው ያላት?»

ሳቅ አፈነኝ። ሳፍነው እግሬ ሳተ፤ መኪናዋ ቆመች። የቀረውን ታውቁታላችሁ። ሚስቴ በድንጋጤ ብድግ አለች። ነጋዴዋ ግን አልደነገጡም። እጃቸውን ታጠቡ፣ መዳፋቸውን አሹ እስኪሞቅ ድረስ፣ «ቢስሚላህ» ብለው አነሷት። እንደ እኛ አላቀፏትም። በሆዷ ክንዳቸው ላይ አስተኟት፤ ጉንጯ ክርናቸው ላይ፣ እግሮቿ በመዳፋቸው ግራና ቀኝ ተንጠልጥለው። በሌላው እጃቸው ጀርባዋን ከታች ወደ ላይ ማሸት ጀመሩ። ልቅሶው ቀነሰ፤ እህህ ሆነ። ከዚያ ልጄ አገሳች። ሰፈር የሚሰማው፣ ጠግቦ የበላ ትልቅ ሰው የሚያገሳው ዓይነት ግሳት ነበር።

«ማሻአላህ!» አሉ እየሳቁ። «ነፋስ ነው የያዛት እኮ። እናንተ ደግሞ መኪና ትረግጡላታላችሁ!»

«እኛማ በትከሻችን ይዘን መታ መታ አድርገናታል» አለች ሚስቴ።

«እንዴት አድርጋችሁ ነው የመታችሁት? እስቲ አባትየው ና፣ ያዝ።»

ተነሣሁ። እግሬ ደንዝዞ ሊጥለኝ ነበር። ልጅቷን ክንዴ ላይ ሲያስተኙልኝ ትከሻዬ እስከ ጆሮዬ ወጣ።

«ምን ሆነህ ነው የደረቅከው?»

«እንዳትሰበርብኝ ነዋ።»

«ሐር ጨርቅ ሳመጣልህ እጅህ እንዲህ ይደርቃል?»

«አይደርቅም።»

«እንደሱ ያዛት። ጨብጠህ አታጨማድዳት፣ አላልተህም አትጣላት። ልጅ የሚፈራ እጅ ላይ አይተኛም።»

ትከሻዬን አወረድኩ። የልጄ ሆድ ክንዴ ላይ ይሞቃል። ስትተነፍስ ክንዴ አብሮ ከፍ ዝቅ ይላል። እንደዚያ ይዣት ቤቱን አንድ ጊዜ ዞርኩ፤ ሁለት ጊዜ ዞርኩ፤ አላለቀሰችም። ሦስተኛውን ስዞር መደነስ ጀመርኩ፤ አላወቅሁም። ሚስቴ ነገረችኝ። ነጋዴዋ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጠው፣ ገንፎ ቀርቦላቸው፣ «ዝብርቅርቅ ያለ አባት» እያሉ ይስቁብኛል። ሲሄዱ ለልጃቸው ልጅ ብለው ሦስት ቆብ መረጡ። ሁለቱ የመጋረጃ አበባ ናቸው። በሩ ላይ ቆመው «አላህ ያሳድግላችሁ» አሉንና ድምፃቸውን እንደ ልማዳቸው ከፍ አድርገው ከጎረቤት ጋር እያወሩ ሄዱ።

አማቴ በቃላቸው መሠረት በአራተኛው ቀን በመጀመሪያው ሚኒባስ መጡ። በኋላ እንደነገሩን፣ መንገዱን ሙሉ ልጅቷ ታማ፣ ወይ ከስታ፣ ወይ ወድቃ በሐሳባቸው እያዩ ነው የመጡት። ግቢው በር ላይ ሲደርሱ የስፌት መኪና ድምፅ ሰሙ። «ጉድ ነው» አሉ ለራሳቸው፤ «ሚስቱ አራስ ናት፣ እሱ ይሰፋል።» ተቆጥተው በሩን ከፈቱ።

መኪናዋ ላይ የተቀመጥኩት ግን እኔ አልነበርኩም። ሚስቴ ናት። በሕይወቷ መርፌ ይዛ የማታውቅ ሴት ትራስ ላይ ተደላድላ ተቀምጣ፣ ምላሷን በከንፈሯ ጥግ አውጥታ፣ ቀጥ ያለ ነገር ለመስፋት እየታገለች ትረግጣለች። እኔ በጀርባዬ ተንጋልዬ እያንኮራፋሁ፣ ልጄ ደረቴ ላይ በሆዷ ተኝታለች። ሁለታችንም ቆብ አድርገናል። የእኔን የሰፋችው ሚስቴ ናት፤ ቆብ ነው ካልተባልክ አታውቀውም።

አማቴ ነጠላቸውን አወለቁ። ልጅቷን ከደረቴ ላይ አንሥተው ገላልጠው አዩዋት። እግሯን፣ እጇን፣ እትብቷን፣ ብብቷን፣ ከጆሮዋ ኋላ ሳይቀር። ሚስቴ እግሯን ከመርገጫው አንሥታ ፈተና እንደሚታረምላት ተማሪ ትጠብቃለች። እኔም ነቅቼ ተቀምጫለሁ።

«ወፍራለች» አሉ አማቴ። የሚቆጡበት ነገር ፈልገው ያጡ መሰሉ። «እትብቷም ወድቋል። ማን ነው ያጠባት?»

«ሁለታችንም» አልን እኩል።

«ቤቱ ደግሞ ምን ሆኖ ነው ቆብ በቆብ የሆነው?»

ነገርናቸው። ሰምተው ራሳቸውን ነቀነቁ። «ክፉ ልማድ አስተማራችኋት። ልጅ በመኪና ድምፅ ይተኛል እንዴ! ዝም በሉ፣ እኔ አለሁ አሁን።» ልጅቷ በዚህ መሐል ነቅታ ማልቀስ ጀምራ ነበር። አማቴ እሹሩሩ እያሉ ቤቱን ዞሩ። አዝለው ዞሩ። አቅፈው ዞሩ። ስድስት ልጅ ያሳደጉበትን ዘዴ ሁሉ አንድ በአንድ አወጡት። እኔና ሚስቴ አልጋው ላይ ተቀምጠን፣ ሳቃችንን ውጠን፣ አንዳችን የሌላውን እጅ ጨምድደን እናያለን።

ሩብ ሰዓት ያህል ሲሆን ቆሙ። እኛን ሳያዩ፣ ወደ መስኮቱ ፊታቸውን አዙረው፣ «እስቲ» አሉ፤ «ያቺን መኪናህን ነካ አድርጋት።»

ሚስቴ ትራሱን አፏ ላይ ጭና ወደቀች። በዚያን ጊዜ ግን ስፌቱ ስለተሻላት እንደ ልቧ ሳቀች።

ልጃችን በሰማንያ ቀኗ ክርስትና ከተነሣች በኋላ፣ በሳምንቱ እግራቸው የተሰበረውን ታላቅ አክስት ልናስተዋውቃት ወደ አንኮበር ሄድን። ጀሶው ተፈትቶላቸው፣ ዱላ ይዘው መራመድ ጀምረዋል ተብሎ ነበር። ሚኒባሷ ጭጋግ ውስጥ ገብታ ስትወጣ፣ ተሳፋሪው ሁሉ ልጄን እያቀባበለ አንድ አንድ ምክር ሲሰጠን ደረስን። ከመንገዱ ወርደን ቁልቁለቱን በእግር ስንይዘው ፀሐይ ወጣች። እኔ ነኝ ያቀፍኳት። አማቴ ከፊቴ እየሄዱ «እዚህ ጋ ድንጋይ አለ፣ እዚህ ጋ ያዳልጣል» ይሉኛል።

ታላቅ አክስት ደጃፋቸው ላይ አግዳሚ ላይ ተቀምጠው ጠበቁን። ከአማቴ የባሱ ቁጡ ናቸው ሲባል ሰምቼ ስለነበር ፈራ ተባ እያልኩ ልጄን ጉልበታቸው ላይ አስቀመጥኩላቸው። በሁለት እጃቸው ደግፈው፣ ፊት ለፊት አድርገው፣ ረዘም ላለ ጊዜ አዩዋት። እሷም አየቻቸው። የሚመርቁ መስሎኝ ባርኔጣዬን አወለቅኩ።

ፀሐዩ ዓይናቸው ውስጥ ገብቶ ነው መሰለኝ፣ አክስት በድንገት ፊታቸው ተጨማደደ፣ ወደ ኋላ ሳብ አሉና «ሃጥሽ!» ብለው አነጠሱ። ተራራው መለሰው።

ልጄ ሳቀች።

ከዚያ በፊት ፈገግ ትል ነበር። ይሄ ግን ፈገግታ አይደለም። ከሆዷ የወጣ፣ ድምፅ ያለው፣ ተንከትክቶ የተቆራረጠ ሳቅ ነው። በሕይወቷ የመጀመሪያው። ራሷም ደንግጣ ይሄን ያለው ማነው ብላ ዝም አለች። ሚስቴ እጄን ያዘችኝ። አማቴ አፋቸውን በነጠላቸው ያዙ።

«ይድገሙት!» አልኳቸው አክስትን።

«ምኑን?»

«ማስነጠሱን!»

«በትእዛዝ ይነጠሳል እንዴ?» አሉ ተቆጥተው። ዓይናቸው ግን ልጅቷ ላይ ነው። ትንሽ አመነቱ፣ ግራ ቀኝ አዩ፣ ከዚያ በውሸት «ሃጥሽ!» አሉ። ልጄ ተንከተከተች። አማቴ ቀርበው «እንጥሽ!» አሉ፤ እንደገና ሳቀች። ሚስቴ ቀጠለች። እኔ ዘልዬ፣ ባርኔጣዬን ወርውሬ፣ ባለኝ ጉልበት ሁሉ አነጠስኩ፤ በእኔው ግን አልሳቀችም። ስለዚህ ሁሉም በእኔ ሳቁ፤ ያን ጊዜ እሷም ሳቀች። ከዚያማ ማን ያቁመን? አራት ትልልቅ ሰዎች በጠራራ ፀሐይ ደጃፍ ላይ ተኮልኩለን፣ በተራ በተራ፣ አንዳንዴም አንድ ላይ፣ ጉሮሯችን እስኪነቃ እናነጥሳለን።

በአጥሩ ማዶ አንዲት ሴት ውሃ ተሸክማ ታልፍ ነበር። ምን እንደሆንን አላየችም፤ የሰማችው ድምፃችንን ብቻ ነው።

«ይማራችሁ!» አለች ሳትቆም፣ ከልቧ።

«ያኑርሽ!» አሉ አክስት፣ ልጄን ወደ ላይ ከፍ አድርገው፣ ዓይናቸው እንባ እስኪሞላ እየሳቁ።